ጓዳ የሌለው ቤት

ዕጣ ወጣልን፤ አራብሳ፣ አራተኛ ፎቅ።
አባቴ ብሎኬቱን ኳ ኳ እያደረገ ሲመታ፣ ሲጠይቅ፣
እናቴ ከደጃፍ፣ ዓይኗ ዞሮ ዞሮ፣
«ጓዳውስ?» አለችው፣ «ያለ ጓዳ ኑሮ?»

ገባኝ።
የሽንኩርት፣ የዱቄት አልነበረም ጭንቋ፤
እልፍነሽ ነበረች፤ እልፍነሽና ሳቋ።

ካዛንቺስ ሳለን፣ እንግዳ ሲመጣ፣
እህቴ ትገባለች፣ እንግዳው እስኪወጣ።
ዳቦ በእጇ ይሰጥና መቀርቀሪያው ይወርዳል፤
ኮሽ ካለ፣ «ድመቷ ነች» ይባላል።
ድመት ኖሮን አያውቅም።

አንድ ቀን ከቀበሌ መዝጋቢ መጣና
«ስንት ናችሁ?» አለ፣ ወረቀት ዘረጋና።
አባቴ «አራት» አለ። አጠገቡ ነበርኩ፤
ስድስተኛ ክፍል ነኝ፣ መደመር አውቃለሁ፤ ዝም አልኩ።
እናታችን «እልፍ ነሽ» ብላ የሰየመቻት
ለአንድ እንኳ አልሞላችም፣ ሰው ሲቆጥራት።

ጠበል ወስደናት ነበር፤ ሁለት ሱባዔ ከረመች።
«ይለቃታል» አሉን። የያዛት አልነበረም፤ እንዲያው ነው የተወለደች።
ያልለቀቃት እሱ ነው፣ ቁርጭምጭሚቷ ላይ፣ የሰንሰለቱ ጠባሳ፤
ይዛው መጣች አራብሳ።

እናቴ ሳሎኑን በመጋረጃ ከፈለች፤
እልፌ መጋረጃውን ገለጠች፣ ሳቀች፣ ደረጃውን ወረደች።
አንዷ ልጇን ሳበች፤ አንዱ ሦስቴ አማተበ፤
በሳምንቱ ውሃ ጠፋና፣ ሁሉም ጀሪካን ይዞ ተሰበሰበ።

ሐሙስ ማታ ነው የሚመጣው፣ ከመጣ።
ስልሳ ቢጫ ጀሪካን ይሰለፋል፣ ጀምበር ሳትገባ ከየቤቱ እየወጣ።
እልፌ ከሦስት በላይ ቁጥር አታውቅም፤
የማን እንደሆነ ግን አንዱንም አትስትም፦
ይሄ የወይዘሮ ዘነበወርቅ፣ ክዳኑ ፌስታል የሆነው፣
ያ የሐሊማ፣ እጀታው ላይ ሲባጎ ያለው፣
ይሄ የዘበኛው፣ የጋሽ ድልነሳ። ያፈሳል።
«ያለቅሳል» ትለዋለች፤
በቀሚሷ ጫፍ ታብሰዋለች።

ወደዷት፤ ወይም እንዲያ መሰለን።
ለሰባት ቤት ውሃ ታወጣለች፣ አራት ፎቅ፣ በአንድ ብስኩት።
«ጠንካራ! ጎበዝ!» ይሏታል። አባቴ ከመስኮት
ያያል፤ ዝም ይላል። የቤታችን ልማድ ነው።

አንድ ሐሙስ የእጮኛዬ አጎቶች «ቤታችሁን እንይ» ብለው መጡ፤
ሦስት ነጭ ጋቢ፣ ሶፋው ላይ ተደርድረው ተቀመጡ።
ጓዳ የለም አላልኳችሁም? ሽንት ቤት አለ።
ዳቦውን የሰጠኋት እኔ ነኝ።
ቁልፉን ያዞርኩት፣ ኪሴ የከተትኩት፣ እኔ ነኝ።

ስለ ሥራዬ ጠየቁኝ፣ ስለ ደሞዜ፣ ስለ ዘሬ፤
«በቤታችሁ ሕመም ነገር?»
«የለም» አልኩኝ፣ እያላበኝ፣ ከእግር ጥፍሬ እስከ ግንባሬ።

ያኔ ቧንቧው አንኮራፋ። መጀመሪያ አየር፣ ከዚያ ሳል፣
ከዚያ ከግድግዳው ወዲያ ሳቅ፦
«ውሃ! ውሃ መጣ!»
ብሎኬት ድምፅ አያስቀርም። ሕንፃው በሙሉ በሩን ከፈተ፤
ከአንደኛ፣ ከሦስተኛ፦ «እልፌ! መጣ እንዴ?»
«እልፍነሽ! የኔን እንዳትረሺ!»
ስሟ ደረጃውን ወጣ፤ ስሟ ደረጃውን ወረደ፤
በራችንን አንኳኳ።

«እልፍነሽ ማናት?» አሉ ትልቁ አጎት፣ ብርጭቋቸውን አስቀምጠው።
እናቴ እኔን አየች። አባቴ ወለሉን አየ።
ድመት የለንም።

ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ሞቆ ነበር።
«አምስት ነን» አልኩ፤
ያን ዕለት ማንም ሳይጠይቀኝ፤ ከሃያ ዓመት በኋላ።

በሩን ስከፍት ወጣች፣ እስከ ጠባሳዋ በውሃ ርሳ፤
እንግዶቹን አላየቻቸውም፤ ስልሳ ጀሪካን ይጠብቃታል፤
የዳቦዋን እኩሌታ መዳፌ ላይ አኑራ
ወረደች።